የተቆለፈ ፕሮግራም ዋጋው ስንት ነው?

ነገሩን በምሳሌ እንጀምር። የኮምፒዩተር ትምህርቱን የጨረሰ አንድ ወጣት አለ እንበል። አስመጪዎች በየማለዳው የሚጨነቁበትን ስሌት አጥንቶ ፕሮግራም ጻፈ። ፕሮግራሙ የባንኮችን የዕለቱን የምንዛሪ ተመን ይሰበስባል፤ የዕቃውን የግዢ ዋጋ፣ የመርከብ ኪራዩን፣ ቀረጥና ታክሱን፣ የትራንዚት ወጪውን ይደምራል፤ በመጨረሻም አንዱ ካርቶን መጋዘን ሲገባ ስንት ብር እንደሚያወጣ ይናገራል። ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ጀምሮ የምንዛሪ ተመን በገበያ እንዲወሰን በመደረጉ እንዲህ ያለው ስሌት ፈላጊው ብዙ ነው።

ወጣቱ ፕሮግራሙን ለአንድ አስመጪ በ40 ሺህ ብር ሸጠ። ሦስት ወር የደከመበት ሥራ ነውና «አሥር ደንበኛ ባገኝ 400 ሺህ ብር ይሆናል» ብሎ አስቧል። በሁለተኛው ወር ሥራውን ለማስተዋወቅ ወደ ሌላ ነጋዴ ቢሮ ቢሄድ ነጋዴው ፈገግ ብሎ «እሱማ አለኝ» አለው። ለካ የመጀመሪያው ገዢ ፋይሉን በፍላሽ ገልብጦ ለወዳጁ ሰጥቶታል፤ ወዳጁም ለወንድሙ። የወንድሙ ልጅ ደግሞ ፕሮግራሙን ከፍቶ፣ የሠሪውን ስም ፍቆ፣ የራሱን ስም ጽፎ በ10 ሺህ ብር ቸርችሮታል።

የተናደደው ወጣት ለሚቀጥለው ደንበኛ ፕሮግራሙን ቆልፎ፣ የቀን ገደብ አስገብቶ ሰጠ። ይህኛው ደንበኛ ደግሞ ዕቃው ጅቡቲ በደረሰበት ሰኞ ጠዋት ዋጋ ሊያወጣ ኮምፒዩተሩን ሲከፍት «ፈቃድዎ አብቅቷል» የሚል ጽሑፍ ጠበቀው። ስልክ ቢደውል የሚያነሣ የለም። ገንዘቡን የከፈለ ሰው በከፈለበት ዕቃ መጠቀም አልቻለም።

ምሳሌው ለማስረዳት የተፈጠረ ነው። ይሁን እንጂ ፕሮግራም የሚያሠራ ነጋዴ፣ ደላላ ወይም በሶፍትዌር ሥራ ገንዘቡን ያፈሰሰ ባለሀብት ከሁለቱ በአንዱ ቦታ ራሱን ሊያገኝ ይችላል። ለመሆኑ ፕሮግራም የሚቆለፈው እንዴት ነው? ቁልፉስ ማንን ይጠብቃል? ዋጋውስ ስንት ነው? በዛሬው ጽሑፋችን እነዚህን ጥያቄዎች፣ በተለይም ፓይተን በተባለው ቋንቋ የሚጻፉ ፕሮግራሞችን ይዘን እንመለከታለን።

ምግቡ ከነአሠራሩ ሲሸጥ

ፓይተን የሆላንዱ ተወላጅ ጊዶ ቫን ሮሱም ሠርቶ እ.ኤ.አ. በ1991 ለሕዝብ ያቀረበው የፕሮግራም ቋንቋ ነው። ስሙ የዘንዶ ስም ቢመስልም የተወሰደው «ሞንቲ ፓይተን» ከተባለው የእንግሊዝ የቴሌቪዥን ኮሜዲ ነው። ለመማር ቀላል በመሆኑ ከጀማሪ ተማሪ እስከ ታላላቅ ባንክ ድረስ ተጠቃሚው ሰፊ ነው። ጄፒ ሞርጋን «አቲና»፣ ባንክ ኦፍ አሜሪካ ደግሞ «ኳርትዝ» ብለው የገነቧቸው የዋጋና የሥጋት ማስሊያ ሥርዓቶች በዚሁ ቋንቋ ላይ የቆሙ ናቸው።

ለጸሐፊው የሚያመቸው ይኸው ቋንቋ ለሻጩ ግን ችግር አለው። ሲ በመሳሰሉት ቋንቋዎች የተጻፈ ፕሮግራም ለገዢ ከመድረሱ በፊት ኮምፒዩተር ብቻ ወደሚረዳው የማሽን ቋንቋ ይለወጣል። ይህም ተቀምሞ የተፈጨ በርበሬ እንደ መሸጥ ነው። ገዢው ወጥ ይሠራበታል፤ ምን ያህል ኮረሪማ፣ ምን ያህል ጥቁር አዝሙድ እንደገባበት ግን በቀላሉ አያውቅም። የፓይተን ፕሮግራም ግን በተለመደው አሠራር ለገዢው የሚሄደው ጸሐፊው እንደጻፈው ነው። ኖትፓድ ከፍቶ ማንበብ የሚችል ሰው ስሌቱን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው መስመር ያየዋል። ወጡ ከነአሠራሩ ተሸጠ ማለት ነው።

ፓይተን ሥራ ሲጀምር ጽሑፉን «ባይትኮድ» ወደተባለ መካከለኛ ቋንቋ ይለውጠዋል። አንዳንድ ሻጮች ዋናውን ጽሑፍ አስቀርተው ይህን ባይትኮድ ብቻ በመስጠት የተጠበቁ ይመስላቸዋል። ይሁንና ባይትኮዱ ጸሐፊው ለስሌቶቹ ያወጣቸውን ስሞች ይዞ ስለሚቀር በነፃ በሚገኙ መሣሪያዎች ወደ መጀመሪያው ጽሑፍ በጣም የቀረበ ነገር ማውጣት ይቻላል፤ በተለይ በቀደሙት የፓይተን እትሞች የተሠራ ከሆነ። በእርግጠኝነት የሚጠፋው ጸሐፊው ለራሱ በዳር ያሰፈረው ማስታወሻ ነው።

ቁልፎቹ በየደረጃቸው

ሻጮች ይህን ክፍት በር ለመዝጋት የሚጠቀሙባቸው ዘዴዎች በርካታ ቢሆኑም በአምስት ደረጃ ከፍሎ ማየት ይቻላል።

የመጀመሪያው ማድበስበስ ነው፤ ባለሙያዎቹ «ኦብፈስኬሽን» ይሉታል። የፕሮግራሙ ሥራ ሳይለወጥ ጽሑፉ ለሰው እንዳይገባ ይደረጋል። «የቀረጥ መጠን» የሚለው ስም «ሀ17» ይሆናል፤ አንዱ ቀጥተኛ ስሌት በአምስት ጠማማ መንገድ ይዞራል፤ ምንም የማይሠሩ መስመሮች በመሀል ይሰነቀራሉ። በቅኔ አነጋገር ሰሙ ለአንባቢው፣ ወርቁ ለኮምፒዩተሩ ይቀርባል። ደላሎች ገዢ ፊት ቆመው በራሳቸው ቋንቋ ዋጋ ሲነጋገሩ የሰማ ሰው ነገሩ ይገባዋል። ግን ከደላሎች ጋር ወር የከረመ ሰው ቋንቋውን እንደሚለምደው ሁሉ፣ ጊዜ ያለው ፕሮግራመርም የተድበሰበሰውን ጽሑፍ ቀስ በቀስ ይፈታዋል። ስሙ ቢቀየርም ቁጥሩ በቦታው አለ። «ሀ17» የተባለው ነገር በ15 በመቶ ሲባዛ ያየ ሰው ተጨማሪ እሴት ታክስ መሆኑን ለመገመት አይቸገርም።

ሁለተኛው ማሸግ ነው። «ፓይኢንስቶለር» የመሰሉ መሣሪያዎች ፕሮግራሙንና ፓይተንን ራሱን ጠቅልለው አንድ ፋይል ያደርጉታል። ገዢው ፓይተን ሳይጭን ፋይሉን ሁለቴ ተጭኖ ይጠቀማል። ይህ ለአመቺነት የተሠራ ካርቶን ነው፤ ካዝና አድርገው የሚቆጥሩት ግን ብዙዎች ናቸው። ካርቶኑን ከፍቶ ባይትኮዱን የሚያወጣ መሣሪያ ማግኘት ከባድ አይደለም። ፓይኢንስቶለር ቀድሞ ባይትኮዱን በምስጢር ቁልፍ የመዝጋት አማራጭ ነበረው፤ እ.ኤ.አ. በ2023 በወጣው 6ኛ እትሙ ግን አዘጋጆቹ ራሳቸው ይህን አማራጭ ሰረዙት። ምክንያቱም መክፈቻው የሚቀመጠው እዚያው እሽጉ ውስጥ ነበር። በር ቆልፎ ቁልፉን ምንጣፉ ሥር ማኖር ለማንም ስለማይበጅ ነው።

ሦስተኛው ደረጃ ፕሮግራሙን በምስጢር ጽሑፍ ቀይሮ በሥራ ሰዓት ብቻ በጥቂት በጥቂቱ እንዲፈታ ማድረግ ነው። «ፓይአርመር» በዚህ የታወቀ ነው። ይህ መሣሪያ ፕሮግራሙ በአንድ ኮምፒዩተር ላይ ብቻ እንዲሠራ፣ ወይም ከተወሰነ ቀን በኋላ እንዲቆም አድርጎ ማሰርም ይችላል። ከቀደሙት ሁለቱ ይጠነክራል። ሆኖም እርሱንም የሚፈቱ መሣሪያዎች ተሠርተዋል። መሠረታዊው ምክንያት ቀላል ነው፤ ኮምፒዩተር ያልተፈታ ትእዛዝ መፈጸም ስለማይችል ፕሮግራሙ በአንድ ወቅት በገዢው ኮምፒዩተር ማስታወሻ ውስጥ ተፈትቶ መገኘቱ አይቀርም። ያን ወቅት የሚጠብቅ ሰው ያገኘዋል።

አራተኛው «ሳይተን» ወይም «ኑይትካ» በተባሉ መሣሪያዎች የፓይተኑን ጽሑፍ በሲ ቋንቋ በኩል ወደ ማሽን ቋንቋ መለወጥ ነው። ይኸኛው በርበሬውን በእርግጥ ይፈጨዋል። መልሶ ማንበብ የሚችለው የማሽን ቋንቋ ላይ የሠለጠነ ባለሙያ ሲሆን የሚጠይቀውም ጊዜና ገንዘብ ከፍ ይላል።

አምስተኛውና የመጨረሻው ፕሮግራሙን ጨርሶ አለመስጠት ነው። ዋናው ስሌት በሻጩ ሰርቨር ላይ ይቀመጣል፤ ገዢው ቁጥሩን በኢንተርኔት ይልካል፣ መልሱን ይቀበላል። ወጡ ይሸጣል፣ ማድ ቤቱ ግን ከባለቤቱ ጋር ይቀራል። ያልተሰጠን ነገር ከፍቶ ማንበብ አይቻልም። በምትኩ ገዢው ለሻጩ ሰርቨርና ለኢንተርኔቱ መስመር ታማኝነት የተገዛ ይሆናል።

ከድሮፕቦክስ የሚገኝ ትምህርት

በዚህ ረገድ የድሮፕቦክስ ታሪክ ብዙ ያስተምራል። የአሜሪካው ኩባንያ በደንበኞቹ ኮምፒዩተር ላይ የሚጭነውን ፕሮግራም የጻፈው በፓይተን ነበር። ሚስጥሩ እንዳይታወቅበት ተራ ቁልፍ አልበቃውም፤ ፓይተንን ራሱን ለውጦ የትእዛዝ ቁጥሮቹን አዘበራርቆ፣ ባይትኮዱንም በምስጢር ጽሑፍ ቆልፎ ነበር ያሰራጨው። የቋንቋው ፈጣሪ ጊዶ ቫን ሮሱም እንኳ እ.ኤ.አ. ከ2013 ጀምሮ የኩባንያው ሠራተኛ ነበሩ።

እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2013 ሁለት ተመራማሪዎች በዋሽንግተን በተካሄደ የኮምፒዩተር ደኅንነት ጉባኤ ላይ ቀርበው ይህን ቁልፍ እንዴት እንደፈቱት ደረጃ በደረጃ አስረዱ። በዘመኑ ከ100 ሚሊዮን በላይ ተጠቃሚ የነበረው ድርጅት ቁልፍ በአደባባይ ተከፈተ።

ታዲያ ድሮፕቦክስ ከሰረ? አልከሰረም። እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2018 አክሲዮኑን ለናዝዳክ ገበያ አቀረበ። ደንበኞቹ ይከፍሉት የነበረው ለፋይላቸው ማስቀመጫና ለዕለት ተዕለት አገልግሎቱ ነው። ኮዱን ያነበበ ሰው ሰርቨሮቹን፣ ስሙንና የደንበኞቹን እምነት ይዞ መሄድ አይችልም። ከዚህ የምንረዳው ቁልፉ የተፈታበት ሻጭ ሁሉ እንደማይጎዳ ነው። የሚጎዳው ከጽሑፉ ሌላ የሚሸጠው የሌለው ነው።

የሰባሪው ሒሳብ

እንግዲህ የማይፈታ ቁልፍ ከሌለ መቆለፍ ለምን ያስፈልጋል? መልሱ የኢኮኖሚክስ ጉዳይ ነው። ቁልፍ የሚገዛው ጊዜ ነው። ወደ ወጣቱ ፕሮግራም እንመለስ። ፕሮግራሙ ሳይቆለፍ ሲቀር መገልበጫው ዋጋ ዜሮ ነው፤ ፍላሽ መሰካት ይበቃል። በደህና ቁልፍ ቢዘጋና ለመፍታት አንድ ባለሙያ የሁለት ሳምንት ሥራ ነው ብሎ 60 ሺህ ብር ቢጠይቅ፣ 40 ሺህ ብር ከፍሎ ዋናውን መግዛት ይረክሳል። ይህን ሒሳብ የሠራ ነጋዴ አይሰብርም፣ ይገዛል።

በአንጻሩ ሰባሪው ከፈታ በኋላ ለአሥር ሰው መቸርቸር ከቻለ 60 ሺህ ብሩ ለአሥር ይካፈልና ለእያንዳንዱ 6 ሺህ ብር ብቻ ይደርሰዋል። ቁልፉ ያኔ አይበቃም። ስለሆነም ሻጩ ሊያሰላ የሚገባው «ቁልፌ ለአንድ ገዢ ከዋጋዬ በላይ ያስወጣል ወይ?» የሚለውን ብቻ ሳይሆን «ሰባሪው ለስንት ሰው ሊሸጠው ይችላል?» የሚለውንም ነው። አንድ ቁልፍ ለሁሉም ደንበኛ ከሚሆን ይልቅ ለእያንዳንዱ ደንበኛ የተለየ እትም መስጠትና በውስጡ የደንበኛውን ስም በስውር ማስቀመጥ የሚመከረው ለዚህ ነው። ቅጂው ገበያ ላይ ቢገኝ ከማን እጅ እንደወጣ ይታወቃል። ይህን ያወቀ ደንበኛም ለወዳጁ ከማደሉ በፊት ሁለት ጊዜ ያስባል።

ሌላው የስሌቱ ዕድሜ ነው። የቀረጥ ምጣኔ ሲሻሻል፣ ባንኮች ተመን የሚያወጡበትን ገጽ ሲለውጡ የወጣቱ ፕሮግራም መታደስ አለበት። ያልታደሰ ፕሮግራም በጥቂት ወራት ውስጥ የተሳሳተ ዋጋ መስጠት ይጀምራል። በስርቆት የያዘው ሰው እድሳቱን አያገኝም። ቁልፉ ለስድስት ወር ከቆየና እድሳት በየሦስት ወሩ ከመጣ ቁልፉ ሥራውን ሠርቷል። በዚህ ዓይነት ሥራ ከ40 ሺህ ብር የአንድ ጊዜ ሽያጭ ይልቅ በየዓመቱ የሚታደስ የአገልግሎት ክፍያ ለሻጩ የበለጠ ዋስትና የሚሆነው በዚሁ ምክንያት ነው።

የአጠቃቀም ገደብና ጣጣው

ከማድበስበስ ጎን ለጎን የሚሄደው የአጠቃቀም ገደብ ነው። ይኸውም ፕሮግራሙ እስከ ስንት ቀን፣ በየትኛው ኮምፒዩተር፣ በስንት ሰው እንደሚሠራ የሚወስን ትእዛዝ በውስጡ ማስገባት ነው። በወረቀት ላይ ቀላል ቢመስልም በተግባር ከሻጭም ከገዢም የሚያጣላ ጣጣ አለው።

የቀን ገደብን እንውሰድ። ፕሮግራሙ ቀኑን የሚያነበው ከራሱ ከገዢው ኮምፒዩተር ሰዓት ከሆነ ገዢው ሰዓቱን ወደ ኋላ መልሶ ዕድሜውን ማራዘም ይችላል። ቀኑን ከኢንተርኔት እንዲጠይቅ ሲደረግ ይህ ቀዳዳ ይደፈናል፤ ሌላ ግን ይከፈታል። ከሰኔ 23 ቀን 2012 ዓ.ም. ጀምሮ በአገራችን ኢንተርኔት ለሳምንታት ተቋርጦ እንደነበር አንባቢ ያስታውሳል። በየቀኑ ፈቃድ ከሰርቨር የሚጠይቅ ፕሮግራም ቢሆን ኖሮ ገንዘቡን አሟልቶ የከፈለው ደንበኛም ለእነዚያ ሳምንታት ሥራ ያቆም ነበር። ስለዚህ ፕሮግራሙ መስመር ባይኖርም ለተወሰኑ ቀናት፣ ለምሳሌ ለ30 ቀን፣ ያለጥያቄ እንዲሠራ በውል መወሰን ይገባል።

በእኛ አገር ደግሞ የዘመን አቆጣጠሩ አለ። ውሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ይጻፋል፤ ፓይተን የሚያውቀው ግን የአውሮፓውያኑን ነው። «እስከ ሰኔ 30 ቀን 2020» የሚለውን ውል ፕሮግራመሩ እንዳለ ቢያስገባው ፕሮግራሙ ቀኑን የአውሮፓውያን 2020 አድርጎ ይወስደውና ገና ሲጫን ጊዜው ያለፈበት ይሆናል። በውሉ ላይ ቀኑን በሁለቱም አቆጣጠር ማስፈር ምንም ወጪ የለውም፤ ክርክር ግን ያስቀራል።

ፕሮግራምን ከአንድ ኮምፒዩተር ጋር ማሰርም እንዲሁ ነው። መታወቂያ ሆኖ የሚያገለግለው ብዙውን ጊዜ የሃርድ ዲስኩ መለያ ቁጥር ወይም የኔትወርክ ካርዱ አድራሻ ነው። መብራት ሄዶ ሲመጣ ሃርድ ዲስኩ ቢቃጠልና ቢቀየር ፕሮግራሙ ጌታውን አያውቀውም። ገዢው በስንት ሰዓት ውስጥ አዲስ ፈቃድ እንደሚሰጠው፣ በዓመት ስንት ጊዜ ያለክፍያ መቀየር እንደሚችል አስቀድሞ ካልተነጋገረ «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ይሆናል።

ሕጉ የሚጠብቀውና የማይጠብቀው

በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒዩተር ፕሮግራምን ጥበቃ ከሚሰጣቸው ሥራዎች መካከል ቆጥሮታል። ጥበቃው ሥራው እንደተፈጠረ የሚጀምር ሲሆን ምዝገባን ቅድመ ሁኔታ አያደርግም። እንግዲህ የምሳሌያችን የወንድም ልጅ የሠሪውን ስም ፍቆ ፕሮግራሙን ሲሸጥ የሠሪውን መብት ጥሷል ማለት ነው።

ይሁን እንጂ ይኸው አዋጅ ጥበቃው ለሐሳብ፣ ለአሠራር ዘዴና ለቀመር እንደማይዘልቅ ይደነግጋል። አንድ ሰው የወጣቱን ስሌት ተረድቶ በራሱ አጻጻፍ ከባዶ ቢጽፈው የቅጂ መብት ክስ አያስኬድም። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤትም እ.ኤ.አ. በግንቦት 2012 በኤስኤኤስ ኢንስቲትዩትና በወርልድ ፕሮግራሚንግ ክርክር ላይ የአንድ ፕሮግራም ተግባር በቅጂ መብት እንደማይጠበቅ ወስኗል። ሕጉ የሚጠብቀው ጽሑፉን ነው። ስሌቱን የሚጠብቀው ምስጢርነቱ ብቻ ነው። ማድበስበስ ለነጋዴ ትርጉም የሚኖረውም እዚህ ላይ ነው፤ ሕጉ የማይሸፍነውን ክፍተት ለጊዜው ይሸፍናል።

ምስጢር የሚወጣው ግን ሁልጊዜ በገዢ በኩል አይደለም። ከጎልድማን ሳክስ ወጥቶ ወደ ሌላ ድርጅት ሊቀጠር የነበረ አንድ ፕሮግራመር የባንኩን የፈጣን ግብይት ኮድ ገልብጧል ተብሎ እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2009 ተያዘ። ተፈርዶበትም ታሰረ። እ.ኤ.አ. በየካቲት 2012 ግን ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ነፃ አወጣው፤ ከምክንያቶቹ አንዱ በዕቃ ላይ ሳይጫን የተላለፈው ኮድ በተከሰሰበት የስርቆት ሕግ «ዕቃ» ተብሎ ሊቆጠር አይችልም የሚል ነበር። የአሜሪካ ምክር ቤት በዚያው ዓመት መጨረሻ የንግድ ምስጢር ሕጉን አሻሻለ። ሰውየውም በኒው ዮርክ ግዛት ሕግ እንደገና ተከሶ ለዓመታት ተንገላቷል። ለባለሀብት ዋናው ነጥብ የትኛውም የማድበስበሻ መሣሪያ ዋናውን ጽሑፍ በእጁ ከያዘ ሠራተኛ እንደማይጠብቅ ነው። ለዚህ የሚያስፈልገው ጥሩ የቅጥር ውልና ማን ምን እንደሚያይ መወሰን ነው።

የባለቤትነት ጥያቄም ችላ ሊባል አይገባም። በአዋጁ መሠረት በቅጥር ወይም በአሠሪ ትእዛዝ የተሠራ ሥራ በውል ሌላ ስምምነት ካልተደረገ የአሠሪው ነው። ስለዚህ «ሥራልኝ» ብሎ ከፍሎ ያሠራ ነጋዴና ተሠርቶ ያለቀ ፕሮግራም የመጠቀሚያ ፈቃድ የገዛ ነጋዴ በሕግ ፊት አንድ አይደሉም። የመጀመሪያው ዋናውን ጽሑፍ ሳይድበሰበስ መጠየቅ ይችላል። ሁለተኛው የሚያገኘው በውሉ የተጻፈለትን ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በአንቀጽ 1731 በአግባቡ የተቋቋመ ውል በተዋዋዮቹ መካከል እንደ ሕግ እንደሚጸና ስለሚናገር ከመፈረም በፊት ማንበብ ግድ ነው።

የተቆለፈውን የገዛ ሰው መብት ጭራሽ የለውም ማለትም አይደለም። የእኛው አዋጅ ፕሮግራሙን በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው ቢጠፋበት ወይም ቢበላሽበት መተኪያ የሚሆን አንድ ቅጂ እንዲያስቀር ይፈቅዳል። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት ደግሞ እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2021 ቶፕ ሲስተም የተባለ ኩባንያ ከቤልጂግ መንግሥት ጋር ባደረገው ክርክር ሕጋዊ ገዢ በፕሮግራሙ ላይ ያገኘውን ስሕተት ለማረም ሲል ኮዱን ወደ ኋላ መልሶ ማንበብ እንደሚችል ወስኗል። ውሳኔው እኛን የሚያስገድድ ባይሆንም የገዢ ጥቅም በዓለም ላይ ወዴት እየሄደ እንዳለ ያመለክታል።

ገዢ ሊጠይቃቸው የሚገቡ ጥያቄዎች

የተድበሰበሰ ፕሮግራም ሌላም አደጋ አለው። ሻጩ ምስጢሩን እንደሚደብቅ ሁሉ ተንኮለኛም ተንኮሉን ይደብቅበታል። እ.ኤ.አ. በኅዳር 2023 ቼክማርክስ የተባለው የደኅንነት ድርጅት ይፋ እንዳደረገው፣ የፓይተን ፕሮግራመሮች መሣሪያ በሚያወርዱበት ይፋ ማከማቻ ውስጥ «ኮድ ማድበስበሻ ነን» የሚሉ በርካታ ጥቅሎች ተገኝተው ነበር። በተግባር ግን የሚጭናቸውን ሰው ኮምፒዩተር ለሌላ እጅ አሳልፈው የሚሰጡ ነበሩ። ቁልፍ ሊገዛ የሄደው ቁልፉን ለሌባ አስረክቦ ተመለሰ። በእንዲህ ያለ መሣሪያ የተሠራ ፕሮግራም ወደ ደንበኛው ቢሮ፣ ወደ ሒሳብ መዝገቡና ወደ ባንክ የይለፍ ቃሉ ምን ይዞ እንደሚገባ መገመት አያዳግትም። «ያልጠረጠረ ተመነጠረ» ነውና የተቆለፈ ፕሮግራም የሚገዛ ሰው ብሩን ከመቁጠሩ በፊት የሚከተሉትን ቢጠይቅ ይበጀዋል።

አንደኛ፣ ፕሮግራሙ የተቆለፈው በምን መሣሪያ ነው? ከኢንተርኔት ጋር የሚገናኝ ከሆነስ ከየትኛው አድራሻ ጋር፣ ምን መረጃ ይዞ ነው የሚገናኘው? ጸረ ቫይረስ ማስጠንቀቂያ ቢሰጥ «ዝም ብለህ እለፈው» የሚል መልስ አይበቃም።

ሁለተኛ፣ የአገልግሎት ዘመኑ ሲያበቃ የሚቆመው ምኑ ነው? አዲስ ስሌት መሥራቱ ብቻ ነው ወይስ የቆየውን መዝገብም አያሳይም? የነጋዴው የራሱ መረጃ በምንም ምክንያት ሊታገት አይገባም። መረጃው በማንኛውም ጊዜ ወደ ኤክሴል መውጣት መቻሉን በውሉ ማስጻፍ ያስፈልጋል።

ሦስተኛ፣ ሻጩ ቢታመም፣ አገር ቢለቅ ወይም ሥራውን ቢተው ማን ይከፍተዋል? በሌላው ዓለም የተለመደው ዋናውን ጽሑፍ ሁለቱም ወገኖች በሚያምኑት ሦስተኛ ሰው ዘንድ በአደራ ማስቀመጥ ነው። ሻጩ ግዴታውን መወጣት ሲያቅተው አደራ ተቀባዩ ለገዢው ይሰጣል። በእኛም አገር ይህን በውል ማድረግ የሚከለክል ነገር የለም። አደራ የተቀመጠው ጽሑፍ ግን የመጨረሻው እትም መሆኑን በየእድሳቱ ማረጋገጥ ያሻል።

አራተኛ፣ ቁልፉ በስሕተት ቢዘጋ ኪሳራው የማን ነው? ዕቃ ወደብ ላይ ቆሞ የመጋዘን ኪራይ ሲቆጥር «ነገ አየዋለሁ» የሚል ሻጭ የሚያደርሰው ጉዳት ከፕሮግራሙ ዋጋ ሊበልጥ ይችላል።

ሻጩም በበኩሉ ሒሳቡን ይሥራ። የቁልፉ ዋጋ የመሣሪያው ክፍያ ብቻ አይደለም። ቁልፉ በተበላሸ ቁጥር የሚመጣው ስልክ፣ የሚባክነው ቀን፣ የሚቀየመው ደንበኛ ሁሉ በወጪ በኩል ይመዘገባል። ለ5 ሺህ ብር ፕሮግራም የ20 ሺህ ብር ቁልፍ መግዛት ኪሳራ ነው። ስሌቱ እውነተኛ ምስጢር ከሆነ በሰርቨር ላይ ያስቀረው፤ ካልሆነ በቀላል ቁልፍ ዘግቶ ጉልበቱን ለእድሳትና ለአገልግሎት ያውለው።

ወደ ምሳሌያችን ስንመለስ ወጣቱና አስመጪው ሊጣሉ የሚገባቸው ሰዎች አልነበሩም። ወጣቱ አሥር ደንበኛ ይፈልጋል፤ አስመጪው በየማለዳው የማያሳስት ዋጋ ይፈልጋል። በሁለት ገጽ ውል ላይ የአጠቃቀሙ ገደብ፣ የእድሳቱ ክፍያ፣ የአደራው ጽሑፍና ቁልፉ በስንት ሰዓት እንደሚከፈት ቢሰፍር ኖሮ ፍላሹም የጠዋቱ ድንጋጤም ባልመጣ ነበር። የፕሮግራም ቁልፍ ጊዜ ይገዛል፤ ያ ጊዜ ምን ያህል እንደሆነና ወጪው የማን እንደሚሆን ግን ቁልፉ አይወስንም። እሱን የሚወስኑት ሻጭና ገዢ ከመፈራረማቸው በፊት ተቀምጠው ሲነጋገሩ ነው።